ጥበብን መውደድ፥ ጠቢብን መናቅ

የጥንት የእጅ ሥራ እየጠፋ መሄዱ ብዙ ሰው የሚያዝንበት ነገር ሆኗል። በጉባኤም፥ በአውደ ርእይም፥ በሠርግ ቤትም፥ ሽማግሌዎችና የተማሩ ሰዎች በተሰበሰቡበት ሁሉ «የአባቶች ጥበብ ሊቀር ነው» የሚል ቃል ይሰማል። ብራና የሚፍቅ ሰው ጥቂት ሆነ፤ በእንዝርት የተፈተለውን ፈትል የፋብሪካ ክር ተካው፤ በሴቶች ጀርባ ከወንዝ ይመጣ የነበረው እንስራ ቦታውን ለፕላስቲክ ጀሪካን ለቀቀ። ኀዘኑ የእውነት ነው፤ ማንም ሊያቃልለው አይገባም። ዳሩ ግን ሰው ስለሚወደው ነገር ሲያዝን ፍቅሩን መመርመር ይገባዋልና፥ ለዚህም ኀዘን አንድ ጥያቄ ሊቀርብለት ያስፈልጋል። የሚታዘነው ስለ ሥራው ነውን ወይስ ስለ ሠሪው? ሥራውን እየወደደ ሠሪውን ሲንቅ የኖረ ሕዝብ፥ ሠሪው እጁን ባጠፈ ጊዜ «ጥበቤን አጣሁ» ብሎ ለመክሰስ መብት አለውን?

አስቀድሞ የተሠራው ነገርና የመሥራቱ ዕውቀት ሁለት መሆናቸውን መለየት ይገባል። ቁመቱ 24 ሜትር የሚሆነው የአክሱም ሐውልት በ1929 ዓ.ም. ወደ ሮማ ተወስዶ ብዙ ዘመን ከኖረ በኋላ፥ በ1997 ዓ.ም. በሦስት ተከፍሎ በአውሮፕላን ተመልሶ መጣ። በዚያ ሁሉ ዘመን ሐውልቱ ሐውልት እንደ ሆነ ኖረ። የጠረቡት ሰዎች ጥበብ ግን ከሺህ ዓመት በፊት ከነርሱ ጋር ተቀብሮ ነበርና፥ ድንጋዩ ሲሄድም ሲመለስም የሚያውቀው ጠራቢ አልነበረም። የአክሱም ነገሥታት ባስመቱት የብርና የነሐስ ገንዘብ ላይም እንዲሁ ነው። በገንዘቡ መካከል፥ በመስቀሉ ወይም በንጉሡ ራስ ዙሪያ፥ ከጥፍር ያነሰ ቦታ ላይ ወርቅ ለብጠውበት ይታያል። ገንዘቡ በየቤተ መዘክሩ ተቀምጧል፤ የለባጩ እጅ ግን ለልጁ ሳይነግር አለፈ። እንግዲህ ነገሩ ሳይጠፋ ጥበቡ ሊጠፋ ይችላል።

የዚህም ተቃራኒ ይገኛል። በጃፓን አገር ኢሴ በሚባለው ስፍራ ያለው የእንጨት መቅደስ፥ በጦርነት ዘመን ከመቋረጡ በቀር፥ ከ7ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ በየ20 ዓመቱ በአጠገቡ ባለ ባዶ ቦታ ላይ እንደገና ይሠራል፤ አሮጌውም ይፈርሳል። በመጨረሻ የታደሰው እ.ኤ.አ. በ2013 ነበር። በዚያ አገር ያሉ ሰዎች እንጨቱን አላዳኑም፤ ያዳኑት አናጢውን ነው። የ20 ዓመት ልክ በሰው ዕድሜ ሲታሰብ እንዲህ ይሆናል፤ ልጅ ሆኖ እንጨት ያቀበለ በሚቀጥለው ጊዜ ራሱ ይጠርባል፥ ከዚያም በሚቀጥለው ጊዜ ሽማግሌ ሆኖ ያስተምራል። ከአክሱም ድንጋይ ይልቅ የሚበሰብሰው እንጨት የበለጠ ዕውቀት አሻገረ ማለት ነው። ጥበብ የሚኖረው በነገር ውስጥ ሳይሆን በሰው ውስጥ ነው፤ ከሰው ወደ ሰው ካልተሻገረም ከባለቤቱ ጋር ይሞታል። ስለዚህ ጥበብ ጠፋ ብሎ የሚያዝን ሁሉ፥ ሳያውቀውም ቢሆን፥ ስለ አንድ ሰው እየተናገረ ነው።

በኢትዮጵያ ይህን ነገር ከብራና ይልቅ የሚገልጥ የለም። ቆዳው የፍየል ወይም የበግ ነው። በውኃ ይዘፈዘፋል፤ ለስልሶ ሲወጣ በአራት ማዕዘን እንጨት ላይ በጠፍር ይወጠራል፤ ሥጋ የነካው ወገን በቢላዋ ይገፈፋል፥ በሻካራ ድንጋይም ይታሻል፤ ፀሓይ ከመታው በኋላ ጠጕሩ ይላጫል፤ እንደገና ይታጠባል፥ ይወጠራል፥ ይፋቃል። ቢላዋው ጥቂት የከበደ እንደ ሆነ ቆዳው ይቀደዳል፤ የቀለለ እንደ ሆነም ስብ ይቀርበትና ቀለም አልቀበልም ይላል። በመካከላቸው ያለውን ልክ የሚያውቀው ክንድ ብቻ ነው። ጥቁሩ ቀለም ከጥላሸትና ከተቈላ እህል፥ ከቅጠላ ቅጠልም ተዘጋጅቶ እየታሸ ወራት ይሰነብታል፤ ቀዩ ለቅዱሳት ስሞች ይጠበቃል። መስመሩ በወስፌ ጫፍ ይሰመራል፤ ብዕሩ ከመቃ ይቀረፃል፥ ሲደነዝዝም እንደገና ይቀረፃል። አንድ ትልቅ መጽሐፍ በአሥሮች የሚቈጠሩ ቆዳዎችን ይበላል፤ የአንድን ጸሐፊ ብዙ ወራትም ይጨርሳል። ፋቂው ጸሐፊው ራሱ የሚሆንበት ጊዜ ብዙ ነው፤ ከዚያም በእንጨት ገበታ ይደጕሰዋል፥ በቆዳ ያለብሰዋል፥ ማኅደርም ይሰፋለታል። ይህ ሁሉ ተደርጎ የተገኘው መጽሐፍ ምን ያህል እንደሚኖር ለማወቅ በዓድዋ አጠገብ በአባ ገሪማ ገዳም ያሉትን ወንጌላት ማሰብ ይበቃል። በራዲዮ ካርቦን በተደረገው ምርመራ ብራናቸው እ.ኤ.አ. ከ4ኛው እስከ 7ኛው መቶ ዓመት ባለው ጊዜ የተዘጋጀ መሆኑ ታውቋል። ፋቂው ከሞተ ሺህ ሦስት መቶ ዓመት አልፎ እንኳ ሥራው አልተሰነጠቀም።

ከዚያ በኋላ ኅትመት መጣ። በግዕዝ ፊደል የመጀመሪያው የታተመ መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1513 በሮማ የወጣው መዝሙረ ዳዊት ነው፤ በአዲስ አበባም ብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤት በ1914 ዓ.ም. ተቋቋመ። በቍም ጸሐፊ እጅ ወራት ይፈጅ የነበረው ዳዊት በጥቂት ብር የሚገዛ ሆነ። ይህን እንደ ጥፋት የሚቈጥር ካለ ፍርዱ ልክ አይደለም። ድኻው ተማሪ ዳዊቱን በክንዱ ይዞ መሄዱ፥ ቀድሞ ግን ከባለጸጋ ደጅ ወይም ከገዳም ዕቃ ቤት በቀር መጽሐፍ አለመታየቱ፥ የሚጸጽት ለውጥ አይደለም። ወረቀት ላይ የተነበበ ጸሎት ብራና ላይ ከተነበበው አያንስም። ነገር ግን ያ ለውጥ ያመጣውን ትርፍ ሁሉም ሲካፈለው፥ ኪሳራውን የተሸከመው ጸሐፊው ብቻ መሆኑን ማን አሰበለት? ከጸሐፊዎቹ አንዳንዱ ጥቂት ደጋፊ አግኝቶ ለቤተ ክርስቲያን ይጽፋል፤ አንዳንዱም የሚገዛው ጎብኚ ብቻ ስለ ሆነ በዚያው ተጠግቶ ያድራል። አዲሱን ብራና በጭስ አጥቁሮ፥ ጠርዙን አሻክሮ፥ የጥንት አስመስሎ የሚሸጥም ታይቷል። በዚህ ሰው ላይ መፍረድ ቀላል ነው፤ ሐሰትም ሐሰት ነው። ዳሩ ግን ገዢው ጭሱን ከብራናው አስበልጦ እንደሚከፍል አስቀድሞ ያስተማረው ማን ነው? ትናንት የተሠራ ደኅና ሥራ ዋጋ ያጣበት ገበያ፥ ሠሪውን ሐሰተኛ ለመሆን ይፈትነዋል።

እንዲህም ሆኖ የብራና ጸሐፊ ከሌላው ባለሙያ ይልቅ የተከበረ ነው። የእጅ ሥራ ሁሉ በአንድ ዓይን አለመታየቱን ራሱ ቋንቋው ይመሰክራል። ብራና የሚፍቅና ቆዳ የሚፍቅ አንድ ግስ ይጋራሉ፤ ቢላዋቸውም ውጥራቸውም የሚቀራረብ ነው። የመጀመሪያው ግን «ብራና ፋቂ» ተብሎ ሲመሰገን፥ ሁለተኛው «ፋቂ» ተብሎ ተሰድቧል። ከዚህም የሚብስ አለ። ብረት የሚሠራው ሰው «ጠይብ» ተባለ፤ ይህም ቃል «ጠቢብ» ከሚለው የመጣ ነው። አንዱ ቃል በመጽሐፍ ላይ ሲነበብ ለሰሎሞን ክብር ሆነ፤ በመንደር ሲነገር ግን የቡዳ ሌላ ስም ሆኖ እናት ልጇን የምታስፈራራበት ሆነ። በነጠላ ጠርዝ ላይ የሚያልፈው ባለ ቀለም ጌጥም «ጥበብ» ይባላል። ጥበቡን ለብሶ ወደ ቤተ ክርስቲያን የሚሄድ ሰው፥ የሸመነው እጅ ሰላምታ ቢሰጠው ለመጨበጥ የሚያቅማማበት ዘመን ነበር። ጥበብ በትከሻ ላይ ሲሆን ክብር፥ በሠሪው እጅ ላይ ሲሆን ነውር የሚሆንበትን ምክንያት መዝገበ ቃላት አይነግርም፤ ታሪክ ግን ይነግራል።

ምክንያቱ ርስት ነው። በብዙው የሰሜን አገር የሰው ክብር በመሬቱ ይለካ ነበር፤ መሬት ያለው ያርሳል፥ መሬት የተከለከለው በእጁ ያድራል። ትውፊት እንደሚለው በ15ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ የነገሠው ዐፄ ይስሐቅ ያልተጠመቀ ሁሉ ርስት እንዳይወርስ አዘዘ፤ ቤተ እስራኤልም ከመሬታቸው ተነቅለው ወደ ብረትና ወደ ሸክላ፥ ወደ ግንብና ወደ ሽመና ዞሩ። በጎንደር ዘመን ቤተ መንግሥቱን ካነጹት ግንበኞችና አናጢዎች መካከል እነርሱ እንደ ነበሩበት የታሪክ ጸሐፊዎች ይናገራሉ። እንግዲህ የገበሬው ማረሻ የሚሾለው መሬት በተከለከለው ሰው መዶሻ ነበር። እርሱ ከሌለ ማረሻ የለም፥ ማረሻ ከሌለ እህል የለም፥ እህል ከሌለም ርስቱ ምንም አይደለም። ይህን ያህል የሚፈለግ ሰው ሊከበር በተገባው ነበር። ነገር ግን ሰው በደለኝ ብሎ ያሰበውን ብቻ ሳይሆን የበደለውንም ይፈራል፤ በሌሊት በእሳት ፊት የሚሠራው ብረት ቀጥቃጭ «ጅብ ይሆናል» የተባለው ከዚህ ፍርሃት ሳይሆን አይቀርም። ተመሳሳይ ነገር በሌሎችም ሕዝቦች ዘንድ ይገኛል፤ በጋሞ፥ በከፋ፥ በኮንሶም ሸክላ ሠሪውና ቆዳ ፋቂው ከሌላው ጋር በጋብቻ ሳይቀላቀል ብዙ ዘመን ኖሯል።

የሲራክ መጽሐፍ በ38ኛው ምዕራፍ ስለዚሁ ነገር ይናገራል። በመዶሻው ድምፅ ጆሮው የደነቈረውን አንጥረኛና በእግሩ መንኰራኵር የሚያዞረውን ሸክላ ሠሪ ካሳየ በኋላ፥ ያለ እነርሱ ከተማ እንደማይቀና ይመሰክራል፤ ሆኖም በሸንጎ እንደማይጠየቁ፥ በዳኛ ወንበርም እንደማይቀመጡ ይናገራል። አንዳንዱ አንባቢ ይህን እንደ ትእዛዝ ወስዶት ይሆናል፤ የጸሐፊው ቃል ግን ያየውን እንደ መናገር ነው። በኦሪት ዘጸአት የተጻፈው ደግሞ ከዚህ ያልፋል። ድንኳኑን እንዲሠሩ ከተመረጡት አንዱ ባስልኤል የእግዚአብሔር መንፈስ እንደ ሞላበት የተነገረው ለትንቢት ሳይሆን ወርቅና ናስ ለመሥራት፥ ዕንቍ ለመቅረፅና እንጨት ለመጥረብ ነው። ይህን በየዓመቱ የሚያነብ አገር አንጥረኛውን ከማኅበር ማዕድ ማራቁ፥ ንባቡና ኑሮው ሳይተዋወቁ ጎን ለጎን መኖራቸውን ያሳያል። (የኢትዮጵያ ሸክላ ሠሪዎች መንኰራኵሩን እንኳ አልያዙም፤ ጋኑንም ምጣዱንም በእጃቸው ብቻ እየዞሩ ያቆሙታል፤ ስለዚህ ከሲራክ ሰው ይልቅ ድካማቸው ይበዛል።)

በ1900 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክ ስለዚህ ነገር አዋጅ አስነገሩ። አዋጁ ብረት ሠሪውን፥ ሸማኔውን፥ ጸሐፊውንና ፋቂውን በየሙያቸው መሳደብን ከለከለ፤ የሰው ሁሉ ዘር አዳምና ሔዋን መሆናቸውን አስታወሰ፤ ስድብ ብልኀትን ከአገር እንደሚያጠፋ ገለጠ፤ የማይሰማውም እንደሚቀጣ አስጠነቀቀ። ከዚያ ዘመን አሳብ ጋር ሲመዛዘን ይህ ትልቅ ቃል ነው። ሆኖም አዋጅ አፍን ይዘጋል እንጂ ማዕድን አይከፍትም። ከአዋጁ በኋላ ስድቡ በአደባባይ ቀነሰ ቢባል እንኳ በጋብቻ ጊዜ የሚደረገው የዘር ቈጠራ አልቀረም። የገጠር መሬት አዋጅ በ1967 ዓ.ም. ሲወጣ ደግሞ ርስት የተባለው ነገር ራሱ ቀረና፥ ቀድሞ የተከለከለውም ባለሙያ መሬት ሊይዝ ተፈቀደለት። በዚያን ጊዜ መዶሻውን ጥሎ ሞፈር የጨበጠ ቢኖር «ጥበቡን ከዳ» ሊባል ይችላልን? እርሱ የጣለው ጥበቡን ሳይሆን በጥበቡ ስም የተጫነበትን ቅጣት ነው።

በዚህ ላይ ነገሩ ይከብዳል። አንድ የሸማኔ ልጅ ትምህርት ቤት ገብቶ የሒሳብ ሠራተኛ ወይም ሐኪም ቢሆን፥ የአባቱ ጉድጓድ በአፈር ይሞላል፥ መወርወሪያውም ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ይቀራል። የጥንት ሥራ ወዳጆች ይህን ሲያዩ ያዝናሉ። ነገር ግን የሚያዝኑት ሰዎች ልጆቻቸውን ወደ ሽመና ጉድጓድ አላወረዱም፤ እያንዳንዳቸው ጥበቡ በሌላ ሰው ልጅ እጅ እንዲጠበቅ ይመኛሉ። ይህ ምኞት ፍቅር ቢመስልም በውስጡ ጭካኔ አለበት። ለማንም ቢሆን «አንተ ድኻ ሆነህ ቅርስ ጠብቅልኝ» ማለት አይገባም። አባቱ የወረሰው ሙያ ለልጁ ስጦታ የሚሆነው ልጁ እንቢ ለማለት በሚችልበት ጊዜ ብቻ ነው፤ እንቢ ማለት የማይችል ወራሽ ባሪያ ነው። ስለዚህ የሄዱትን መውቀስ ይቅርና፥ መሄዳቸው ራሱ ፍትሕ የሆነበት ጊዜ ብዙ ነው።

ይሁን እንጂ የሌላው ወገን ክርክርም ዝም የሚባል አይደለም። ከመሄዳቸው ጋር የሚሄድ ነገር አለ። በ1977 ዓ.ም. በሱዳን በኩል፥ በግንቦት 1983 ዓ.ም. ደግሞ ከ14,000 የሚበልጡ ሰዎች በአንድ ቀን ተኩል ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ሲሄዱ፥ የሄዱት ከናፍቆታቸው አገር ለመድረስ ነበር፤ ያም ደስታቸው ነው። ነገር ግን ከነርሱ ጋር የሰሜን ብረት ቀጥቃጮችና ሸክላ ሠሪዎች ሄዱ። በጎንደር አጠገብ በወለቃ መንደር ሸክላው ሙሉ በሙሉ አልቆመም፤ ጎረቤቶቻቸው የነበሩ ሴቶች ይዘውት ቀሩ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ትናንት ይህን ጭቃ መንካት የቡዳ ሥራ ነው ይባል ነበር፤ ባለቤቶቹ በሄዱ ማግሥት ግን ያው ጭቃ በሌላ እጅ ሲያዝ ማንንም ጅብ አላደረገም። ነውሩ ከጭቃው እንዳልነበረ ከዚህ የበለጠ ምስክር አያስፈልግም።

በአዲስ አበባ የቀጨኔ ሴቶች ታሪክም ከዚህ የራቀ አይደለም። በእንጦጦ ግርጌ ተቀምጠው፥ ጭቃውን ተሸክመው አምጥተው፥ የተፈጨ ገል ቀላቅለው፥ ረግጠው፥ በእጃቸው አቁመው፥ ሜዳ ላይ በእንጨትና በኩበት ያቃጥላሉ። ለብዙ ዘመን የከተማው ሰው ጀበናቸውን ይገዛል፥ መንደራቸውን ግን በሐሜት ይጠራል። ዛሬ በፎቅ ቤት የሚኖር ሰው ከጥንቱ ሥራ የራቀ ይመስለዋል፤ ነገር ግን በኤሌክትሪክ የሚሠራው ምጣድ ገጽታው አሁንም ሸክላ ነው። ብረቱና ሽቦው በፋብሪካ ቢሠራም እንጀራው የሚያርፈው በሸክላ ሠሪ እጅ ላይ ነው። ብረት ሠሪውም እንዲሁ ድንጋይ አቅልጦ ብረት ማውጣቱን ትቶ ማረሻውንና ማጭዱን ከመኪና ባሌስትራ ይቀጠቅጣል። አንዳንድ የጥንት ወዳጅ ይህን ሲያይ «ተበላሸ» ይላል። አልተበላሸም። በሕይወት ያለ ጥበብ መልኩን ይለውጣል፤ የማይለወጠው በመስታወት ሣጥን ውስጥ የተቀመጠው ነው። ባለሙያውን ከመኪና ብረት ከልክሎ የአያቱን ጭስ እንዲጠጣ መፈለግ፥ እርሱን እንደ ሰው ሳይሆን እንደ ሥዕል ማየት ነው።

በኮንሶ ደግሞ ቆዳ የሚፍቁ ሴቶች በተጠረበ ባልጩት ድንጋይ ሲሠሩ ኖረዋል። በዓለም ላይ ይህን ሥራ በድንጋይ መሣሪያ እስከ ቅርብ ዘመን ያቆዩት እጅግ ጥቂት ሕዝቦች ናቸው። የታሪክ ተመራማሪዎች ከሩቅ አገር መጥተው አጠገባቸው ተቀመጡ፤ ድንጋዩ እንዴት እንደሚጠረብ፥ ሲደነዝዝ እንዴት እንደሚሳል፥ ምን ያህል ቆዳ እንደሚችል ጻፉ፤ ብዙ ሺህ ዓመት ያለፈባቸውን የድንጋይ ስለቶች ምስጢር ከእነዚህ ሴቶች እጅ ተማሩ። ለዓለም ሊቃውንት አስተማሪ የሆነችው ሴት በገዛ መንደሯ ከባለ ርስቱ ጋር እንዳትጋባ የተለየች ነበረች። በአንዲቱ ሴት ላይ ሁለት ዓይነት ዓይን አረፈባት፤ የእንግዳው ዓይን መምህርት አላት፥ የጎረቤቷ ዓይን ርኩስት አላት። እርሷ ግን የምታድረው ከጎረቤቷ ጋር ነው።

መንግሥታትም በዚህ ነገር መክረዋል። እ.ኤ.አ. በ2003 የማይዳሰሱ ቅርሶችን ለመጠበቅ የዓለም ስምምነት ተደረገ፤ ኢትዮጵያም በ1998 ዓ.ም. ገባችበት። ይህ በጎ ነው። ነገር ግን ስምምነት የሚጠብቀው የተመዘገበውን ነው፤ ባለሙያው የሚኖረው ደግሞ በሚሸጠው ነው። የሽሮ ሜዳን ገበያ ያየ ሰው የነገሩን እውነት ያገኘዋል። ከጋሞ ደጋ የመጡ ሸማኔዎች በጉድጓዳቸው አፍ ተቀምጠው፥ ድርና ማጉን አገናኝተው፥ ጥበቡን ክር በክር እያነሡ ቀናት ይፈጃሉ። በዚያው ገበያ የጥበቡ መልክ በማሽን የታተመበት ጨርቅ ተሰቅሎ በትንሽ ዋጋ ይሸጣል። ስለ አባቶች ጥበብ በጉባኤ የተናገረው ሰው ለበዓል ልብስ ሊገዛ ሲመጣ፥ ከሁለቱ በአንደኛው ፊት ይቆማል። ወደ ታተመው ቢሄድ ኪሱ ጠርቶት ነውና ድኻውን ማንም አይወቅሰውም። የሚያስደንቀው ሌላው ነው፤ አቅም እያለው ወደ ሸማኔው መጥቶ፥ ሥራውን በእጁ ዳስሶ አድንቆ፥ «ይህማ የታተመው ስንት ነው?» እያለ ዋጋውን በማሽኑ ልክ የሚያስቀንሰው። ይህ ሰው ሁለት ጊዜ ተናገረ፤ በጉባኤ የተናገረውን ሸማኔው አልሰማውም፥ በገበያ የተናገረውን ግን ሰምቶታል። ልጁን ለመወርወሪያ ያስቀረው እንደ ሆነ ወይም ያሰናበተው እንደ ሆነ የሚቈርጠውም በሰማው ነው።

እንግዲህ ለባለሙያው የሚገባው ምሕረት ሳይሆን ዕዳ ነው። ዕዳውም ሦስት ወገን አለው። ዋጋው አንዱ ነው፤ ይህን ለማስረዳት ብዙ ቃል አያስፈልግም። ሁለተኛው ደቀ መዝሙር ነው። ቅኔና ዜማ የሚማር ተማሪ መምህር እንዲኖረው፥ መምህሩም እንዲያድር አገሩ ድርጎ ሲሰጥ ኖሯል። ስለ ብራናና ስለ ቀለም፥ ስለ መስቀል ማንጠርና ስለ ድጕሰት ግን ይህን ያህል አልታሰበም፤ አባት ከልጁ በቀር የሚያስተምረው የሌለ ሆኖ፥ ልጁ ሲሄድ ጉባኤው ተዘጋ። ሙያ በዘር ብቻ መታሰሩ ለነውሩ ምክንያት እንደ ሆነ ሁሉ ለጥፋቱም ምክንያት ሆኗል። የባለ ርስቱ ልጅ ወዶ ከአንጥረኛው ዘንድ ገብቶ ሦስት ዓመት ወናፍ ቢነፋ፥ ሙያውም ወራሽ ያገኛል፥ ሐሜቱም የሚያርፍበት ያጣል። ሦስተኛው ከሁለቱ ይከብዳል፤ ይህም ማዕድና ጋብቻ ነው። የጥንት ጥበብ ወዳጅ ነኝ የሚል ቤተ ሰብ፥ ሴት ልጁን የሸክላ ሠሪ ልጅ በሽማግሌ ቢጠይቃት የሚመልሰው መልስ፥ በአውደ ርእይ ላይ ከሚናገረው ሁሉ ይልቅ እውነተኛ ፍቅሩን ይለካል። ገንዘብ የሚከፍል ብዙ ነው፤ «እሺ» የሚል ጥቂት ነው። ብዙዎች በዚህ ስፍራ ሲደርሱ «ባህል ነው» ይላሉ። ሸማውም ባህል ነበረ፤ በመናቅ ግን ሲያልፍ ዝም አሉት።

በቤተ ክርስቲያን ዕቃ ቤት ውስጥ አንዳንድ የብራና መጽሐፍ ሲገለጥ መጨረሻው ገጽ ላይ ጸሐፊው ስሙን ጽፎ፥ ያጻፈውንም ሰው ጠርቶ፥ አንባቢው በጸሎቱ እንዲያስበው ይለምናል። በእጅ መስቀልና በመጾር መስቀል ላይም ያሠራው ሰው ስም ብዙ ጊዜ ተቀርጾ ይገኛል። መስቀሉን ያነጠረው፥ ቢላዋውን ለፋቂው የሠራለት፥ የዕጣኑን ጽና ያቀለጠው፥ ካህኑ በበዓል የሚለብሰውን የፈተለችውና የሸመነው ግን ስማቸው ከነዚህ ሁሉ ላይ እምብዛም አይገኝም። አሁንም በሕይወት ያሉ አሉ፤ ስማቸውንም የሚጠይቃቸው ቢኖር ይነግሩታል።